ጥግ ይበቃኛል

ታላላቅ ነገሥታት በየቤተ መንግሥታቸው ታላላቅ ሰዓሊዎችን ያኖሩ እንደነበር ታሪክ ይመሰክራል። ነገሥታቱም ሞቱ፣ ሰዓሊዎቹም ሞቱ፤ ኮርኒሶቹ ግን አሁንም አሉ፤ ቱሪስት ሁሉ አንገቱ እስኪቆለመም ያያቸዋል። የአትላንታ ከተማና አካባቢዋ በዚህ በኩል ለብዙ ዘመን ወደ ኋላ ቀርተው እንደነበር በሐዘን መግለጽ ግድ ይላል። አውሮፕላን ማረፊያ ነበራቸው፣ አውራ ጎዳና ነበራቸው፣ የመኪና መጨናነቅማ ለሌላ ከተማ የሚተርፍ ነበራቸው። የቤተ መንግሥት ሰዓሊ ግን አልነበራቸውም። ይህ አሳፋሪ ጉድለት የተሞላው ባለፈው ዓመት፣ ዱሉዝ ውስጥ፣ በወይዘሮ ሸዋነሽ ሳሎን ሲሆን፣ የሞላውም ሰዓሊ ፊልጶስ ነው።

የፊልጶስን የሥነ ጥበብ ሕይወት ለማጥናት የሚነሳ ሰው ሥራውን በሁለት ዘመን ቢከፍለው አይሳሳትም። የመጀመሪያው የግራጫው ዘመን ነው። ፊልጶስ አዲስ አበባ ሥዕል ተምሮ፣ ዲቪ ደርሶት አትላንታ ከገባ ጀምሮ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ሳንዲ ስፕሪንግስ ውስጥ ተከራይ የለቀቀውን አፓርታማ ሁሉ ቀባ። ቀለሙ አንድ ዓይነት ነው። ግራጫ ማለት እንኳ ማሞገስ ይሆናል፤ ነጭ ለመሆን ተነስቶ መንገድ ላይ ሐሳቡን የቀየረ ቀለም ነው። በዚህ ረጅም ዘመን ውስጥ ፈጠራ ያሸነፈው አንዴ ብቻ ነው፤ የአንዱን መኝታ ቤት ግድግዳ ሰማያዊ ቀብቶ አንዲት ትንሽ ወፍ ሣለበት። ሱፐርቫይዘሩ መጣና ወፏን አየ፤ ቀጥሎ ወርክ ኦርደሩን አየ፤ ቀጥሎ ፊልጶስን አየ።

«እዚህ ወረቀት ላይ ወፍ የሚል የት አለ?» ብሎ ጠየቀው።

የለም። ፊልጶስ ወፏን በሁለት ድርብ ግራጫ ቀበራት። ከዚያ ቀን ወዲህ የተጻፈ ትዕዛዝን ከነነጥቡ መፈጸም ሃይማኖቱ ሆነ። አንባቢ ይህን ልብ ይበልልን፤ ኋላ የመጣው መዓት ሁሉ የተወለደው ከዚህ ምስጉን ጠባይ ነው።

አንድ ነገር ግን ሌት ተቀን ያንገበግበዋል። እስከ ዛሬ በቀባው ግድግዳ ሁሉ ላይ አንድም ጊዜ ስሙን ጽፎ አያውቅም። አንድ ሰዓሊ ስሙ ያላረፈበት ሥራ ይዞ ሰዓሊ ነኝ ማለት እንደማይችል ለባለቤቱ ለፀሐይነሽ በየራቱ ይነግራታል። ፀሐይነሽ የነርሲንግ ሆም ሠራተኛ ናት፤ ቀኑን ሙሉ የብዙ ሽማግሌ ብሶት ሰምታ ነው የምትመጣው።

«በናትህ ፊሊ» አለችው አንድ ቀን፣ «አንድ ነገር ሥራና ስምህን ጻፍበት። አንድ ነገር ብቻ። ፎቶ አነሳዋለሁ፣ ግድግዳ ላይ እሰቅለዋለሁ፣ ከዚያ በሰላም እንበላለን።»

እግዚአብሔር ይህን ልመና በወይዘሮ ሸዋነሽ በኩል ሰማው።

ወይዘሮ ሸዋነሽ የመጋዘን ጽዳት ድርጅት ባለቤትና የኢትዮጵያውያን የወዳጅነት ማኅበር ሊቀ መንበር ናቸው። ማኅበሩ ሃያ ስድስት አባላት አሉት፤ በየወሩ በእሳቸው ሳሎን ይሰበሰባል። ሳሎኑ ኮርኒሱ ሁለት ፎቅ ያህል ከፍ ያለ ነው። አምፖል ሲቃጠል የሚቀይረው ሰው ከሌላ ካውንቲ ነው የሚመጣው። ሴትየዋ ባለፈው ዓመት ከልጃቸው ከሐምራዊት ጋር አውሮፓን ለስምንት ቀን ጎበኙ። በስድስተኛው ቀን አንድ አሮጌ ቤተ መንግሥት ገብተው ቀና ሲሉ ሮዝ ደመና፣ የወርቅ ዛጎል፣ ነጭ ዊግ የደፉ፣ በሐር የተጠቀለሉ መኳንንትና ክንፍ ያላቸው ድንቡሽቡሽ ሕፃናት ሰማዩን ሞልተውት አዩ። ወለሉ ላይ በጀርባቸው ተጋድመው ጠባቂው እስኪያስነሳቸው ድረስ አዩት።

አስጎብኚዋ ይህ አሣሣል ሮኮኮ እንደሚባል፣ ምንም ቁም ነገር እንደሌለው፣ ዓላማው ደስታ ብቻ እንደሆነ፣ የቤተ መንግሥቱ ሰዎችም ራሳቸውን ደመና ላይ ያስሥሉ እንደነበር አስረዳች። ወይዘሮ ሸዋነሽ ቁም ነገር የሌለው ነገር በዚህን ያህል ጥንቃቄ ሲሠራ ያዩት በማኅበራቸው ዓመታዊ ስብሰባ ላይ ብቻ ነበር። ልባቸው ተነካ።

በተመለሱ በሳምንቱ ጉባኤው ተጠራ። ቃለ ጉባኤ ቁጥር አርባ አንድ እንዲህ ይላል፦ «የማኅበሩን አንድነት ለማጠናከር፣ ትውልድን ለማነጽና የሳሎኑን ባዶነት ለመቅረፍ ሲባል፣ ሃያ ስድስቱም አባላት ደመና ላይ እንዲሣሉ በሙሉ ድምፅ ተወስኗል።» ሰዓሊ ከየት ይምጣ ሲባል አንዱ አባል የሚያውቃት የፀሐይነሽ ባል ብሩሽ እንደሚይዝ አስታወሰ። ፊልጶስ በስልክ ተጠራ፤ መጣ፤ ቀና ብሎ ኮርኒሱን አየ። «የቤተ መንግሥት ሰዓሊ» የሚል ማዕረግ በሰርተፊኬት ተሰጠው፤ ሰርተፊኬቱ በፕላስቲክ ተለብጦ ላሚኔት ተደርጓል።

«ወይዘሮ ሸዋነሽ፣ አንዲት ነገር ብቻ አስቸግርዎታለሁ» አለ። «ሲያልቅ ስሜን ልጽፍበት።»

«ስምህን? እንዴታ! ምን ነካህ የኔ ጌታ፣ በትልቁ ትጽፋለህ እንጂ!»

ፊልጶስ በማግስቱ የአፓርታማውን ሥራ ለቀቀ። የሮኮኮው ዘመን እንዲህ ተጀመረ።

ታላቅ ሥራ ያለ ታላቅ ውይይት አይሠራም። ገና ከጅምሩ ክንፍ ያላቸው ሕፃናት ጥያቄ አስነሡ። ጴንጤዎቹ መልአክ በፍጹም አይሣልም አሉ፤ ኦርቶዶክሶቹ መልአክማ ይሣላል፣ ሰይፍ ግን መያዝ አለበት አሉ። ሁለቱም ወገን ከሙስሊሞቹ አባላት ጋር ለመጀመሪያ ጊዜ የተስማሙት ሕፃናቱ ራቁታቸውን መሆን እንደሌለባቸው ነው። ቃለ ጉባኤ ቁጥር አርባ ሁለት ሕፃናቱ መላእክት አለመሆናቸውን፣ ክንፋቸውም ለጌጥ መሆኑን ካረጋገጠ በኋላ ለሁሉም ቁምጣ ፈቀደላቸው። ስለ ነጩ ጥቅልል ዊግ የተነሳ ተቃውሞ አልነበረም። የማኅበሩ ጸሐፊ አቶ ዳኘው፣ ፀጉራቸው አገር ቤት እያሉ የለቀቃቸው ሰው፣ ዊግ የሥልጣኔ ምልክት መሆኑን በአጭር ንግግር አስረዱ።

የቀረው የአቀማመጥ ጉዳይ ነበር። ሳንዲ ስፕሪንግስ ውስጥ ፕሮጀክት ማናጀር የሆነችው ሐምራዊት ይህን ለሰው አፍ መተው አልፈለገችም።

«ሁሉም ፎርም ይሙላ» አለች፤ «ላይክ፣ በኋላ ድራማ እንዳይመጣ።»

«የደመና ላይ አቀማመጥ መጠየቂያ ቅጽ» ተዘጋጅቶ ለሃያ ስድስቱም በስልክ ተላከ። ሙሉ ስም፣ የልብስ ቀለም፣ ዊግ ይፈልጋሉ ወይስ አይፈልጉም ይልና በመጨረሻ «ኮርኒሱ ላይ የት መቀመጥ ይፈልጋሉ?» ብሎ ይጠይቃል። ምርጫዎቹ መሃል፣ ከመሃል ጎን እና ጥግ ናቸው። ዝቅ ብሎ ለአስተያየት የሚሆን ቦታ አለ።

ሃያ ስድስቱም ጨዋ ቤት ያደጉ ሰዎች ነበሩ።

መልሶቹ በሦስት ቀን ውስጥ ተሰብስበው ተጠናቀቁ። አቶ ዳኘው «ጥግ» የሚለውን መርጠው ከሥሩ «ለእኔ ጥግ ይበቃኛል፤ ካልተመቸም ከደመናው ኋላ» ብለው ጻፉ። ሌላዋ «እኔ ምኔ ይታያል፣ ጥግ» አለች። አንዱ «ባልሣልም ቅር አይለኝም፤ የግድ ከሆነ ግን ጥግ፣ እሱም ከሰው ከተረፈ» አለ። ባልና ሚስት የሆኑ ሁለት አባላት «ለሁለታችንም አንድ ጥግ ትበቃለች» ብለው በአንድ ቃል መለሱ። ወይዘሮ ሸዋነሽም ጥግ መረጡ። በጠቅላላው ጥግ ሃያ ስድስት፣ ከመሃል ጎን ዜሮ፣ መሃል ዜሮ።

ፊልጶስ ወረቀቱን አትሞ ብዙ ጊዜ አየው። እሱም አገሩ ያደገ ሰው ነውና ሆዱ ጠረጠረ። ለማረጋገጥ ወይዘሮ ሸዋነሽ ዘንድ ሄደ።

«እርስዎም ጥግ ነው ያሉት።»

«እንግዶቼ ሳይቀመጡ እኔ ባለቤቷ መሃል ልጎለት? ጥግ ይበቃኛል» አሉ፤ ዓይናቸው ግን ከኮርኒሱ መሃል አልተነቀለም።

«እርግጠኛ ነዎት?»

«ጥግ ይበቃኛል አልኩህ እኮ!»

ፊልጶስ ወረቀቱ ጠርዝ ላይ «በቃልም ተረጋግጧል» ብሎ ጻፈ። ለፀሐይነሽ ሲነግራት ማንኪያዋን አስቀመጠች።

«አንዴ ጠይቀህ መጣህ? ፊሊ፣ ሰው እኮ በአንዴ እሺ አይልም። ሦስቴ ለምናቸው።»

«ተጽፎልኛል ፀሐይ። ሃያ ስድስት ሰው ጽፎ ሰጥቶኛል። እኔ ማን ነኝና ከወረቀት በላይ የማውቀው?»

«ተው ብዬሃለሁ።»

«ወፏን ረሳሻት?» አላት። ወፏ ስትነሳ በዚያ ቤት ክርክር ያበቃል።

አራት ወር ሙሉ ስካፎልድ የሚሉት የብረት ርብራብ ላይ በጀርባው ተኝቶ ሣለ። ሮዝ ቀለም ቅንድቡ ላይ ይደርቃል፤ አንገቱ ወደ ታች ማየት እምቢ ብሎት ሾርባ ሲጠጣ ኮርኒስ እያየ ነው። ያም ሆኖ ደስተኛ ነበር። ዘጠኝ ዓመት የታፈነ እጁ ተፈትቶ ደመናው ከብሩሹ ሥር እንደ ጥጥ ይባዘት ነበር። በዚህ ጊዜ ውስጥ ማንም ቀና ብሎ ሥራውን እንዳያይ ከሥሩ ትልቅ ሸራ ተወጥሯል፤ ይህንንም ያዘዘ ቃለ ጉባኤ ነው፣ ቁጥር አርባ አራት።

ሸራው የወረደው በአንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ፣ ሃያ ስድስቱም አባላት የክት ልብሳቸውን ለብሰው በተገኙበት ነው። ሁሉም አንድ ላይ ቀና አሉ። መጀመሪያ ሁሉም መሃሉን አየ። መሃሉ ላይ አትላንታ አይታው የማታውቅ ሰማይ ነበር፤ ከወርቅ ዛጎል የተሠራ ባዶ መደብ፣ የሚጎርፍ የሐር ጥብጣብ፣ አሥራ ሁለት ባለ ቁምጣ ሕፃናት አበባ ይዘው የሚጠብቁበት። ሕፃናቱ ማንን እንደሚጠብቁ ያስታውቃል፤ ማንም ግን አልመጣም። ከዚያ የሰው ሁሉ ዓይን ቀስ እያለ ወደ ጥግ ወረደ። አራቱ ጥጎች ውስጥ የማኅበሩ አባላት ስድስትና ሰባት ሆነው ተጠቅጥቀዋል፤ ዊግ ከዊግ ተጋጭቷል፤ የአንዱ ክርን የሌላውን አገጭ ደግፏል።

ቀድመው የተናገሩት አቶ ዳኘው ናቸው።

«እኔ የት ነኝ?»

«በመስኮቱ በኩል ጥግ ላይ ነዎት አቶ ዳኘው፤ ከሴትየዋ ብብት ሥር።»

«ብብት ሥር!»

«ከዚያ የተሻለ ቦታ አልነበረም። ጥጉን ብዙ ሰው ፈለገው።»

«መሃሉስ?» አሉ ወይዘሮ ሸዋነሽ፤ ድምፃቸው እየቀጠነ። «መሃሉ ለማን ነው?»

«መሃሉን የጠየቀ ሰው የለም።»

ሐምራዊት ስልኳን ከፍ አድርጋ አሳየች። «ጋይስ፣ ሊትራሊ ሃያ ስድስታችሁም ጥግ ነው ክሊክ ያደረጋችሁት። ጋሼ ዳኘው፣ አንተ ጭራሽ ከደመናው ኋላ ብለሃል፤ እንዲያውም አፕግሬድ አድርጎሃል።»

«ልጄ» አሉ አቶ ዳኘው። «ሰው ጥግ ይበቃኛል ስላለ ጥግ ይሰጠዋል?»

«ዋት? ታዲያ ምን ይደረግ?»

«ይለመናላ! አንዴ ይለመናል፣ ሁለቴ ይለመናል፣ ክንዱ ይጎተታል!»

«ፎርሙ ላይ ክንድ የሚጎተትበት ቦታ የለም።»

ይህ መልስ ስብሰባውን በተነው። አንዱ ሰዓሊው ማኅበሩን ለጠላት መሳቂያ አደረገ አለ፤ ጠላቱ ማን እንደሆነ ግን አልተገለጸም። ባልና ሚስቱ አንዱ የሌላውን ቦታ እንደያዘ ተወነጃጀሉ። አቶ ዳኘው ከማኅበሩ መልቀቃቸውን በጽሑፍ አሳወቁ፤ ጸሐፊው እሳቸው ስለሆኑ ደብዳቤውን ራሳቸው ተቀብለው ራሳቸው መዘገቡት። ፊልጶስ ስካፎልዱ ሥር ቆሞ ነበር። ወርቃማ ቀለም የነካች ቀጭን ብሩሽ በእጁ ይዟል፤ ለስሙ ያዘጋጃት ናት።

«ወይዘሮ ሸዋነሽ... ስሜን...»

«ስም?» አሉት። «ይህ ውርደት ሳይስተካከል እዚህ ቤት ስምህ አይጻፍም! ሊቀ መንበሯን ጥግ ላይ ወሽቀህ ስም? አንዴ ጠይቀኸኝ ዝም አልክ እኮ፣ ሰው እንዴት አንዴ ብቻ ይጠየቃል?»

ፊልጶስ ወደ ቤቱ ሄደ። ለሁለት ሳምንት ራት ላይ ስለ ምንም አላወራም፤ ፀሐይነሽም የተመኘችው ጸጥታ ሲመጣ እንዳልጣማት ተገነዘበች። ስልኳን አነሳችና ኢስት ፖይንት ለሚኖሩት ለጋሽ ስምዖን ደወለች። ጋሽ ስምዖን ሃያ ዓመት የኤርፖርት ሻትል ነድተው ጡረታ የወጡ ሰው ናቸው። በአትላንታ ያላስታረቁት ባልና ሚስት የለም ይባላል፤ ያልታረቁት እንኳ እሳቸውን ላለማሳፈር አብረው ይኖራሉ።

ሽምግልናው ከሁለት ሌሎች ሽማግሌዎች ጋር ሆኖ በዚያው ሳሎን ተጀመረ። ማስረጃው ኮርኒስ ላይ ስለሆነ፣ የሦስቱም አንገት ደግሞ ዕድሜ የተጫነው ስለሆነ፣ ወይዘሮ ሸዋነሽ ምንጣፉ ላይ ትራስ አነጠፉላቸው። ሽማግሌዎቹ በጀርባቸው ተንጋለው፣ ኮፍያቸውን ሆዳቸው ላይ አድርገው ግራ ቀኙን ሰሙ። ተከራካሪዎቹ እነሱን ተራምደው ላለማለፍ በግድግዳ ጥግ ጥጉን ይዞሩ ነበር።

«በመጀመሪያ ደረጃ» አሉ ጋሽ ስምዖን ከተኙበት፣ «መሃሉን የሚገባው ሰው ይግባበት። ማን ይሁን?»

«አቶ ዳኘው ይሁኑ» አሉ ወይዘሮ ሸዋነሽ።

«በፍጹም! ሊቀ መንበሯ እያሉ?»

«ሞቼ ነው ቆሜ! እርስዎ በዕድሜ ይቀድማሉ።»

«እግዜር ያሳይዎት፣ እኔ መሃል ተቀምጬ እርስዎ ጥግ?»

«አፈር ስሆን!»

«ምን በወጣኝ!»

ሃያ ስድስቱም በዚህ መንፈስ ተነጋገሩ። ከስምንት ሰዓት እስከ አሥራ አንድ ሰዓት ድረስ መሃሉን እያንዳንዱ ለሌላው ሲሰጥ፣ ሌላውም ሲመልስ ዋለ። ከሽማግሌዎቹ አንደኛው እንቅልፍ ወሰደው። ጋሽ ስምዖን በሻትል ዘመናቸው ስንት መንገደኛ በሩ ላይ «አንተ ቅደም፣ አንቺ ቅደሚ» እየተባባለ አውሮፕላን እንዳመለጠው ያውቃሉና ነገሩን በአንድ ቃል ቆረጡት። ሁሉም መሃል ይገባል፣ ሁሉም እኩል ይሆናል፣ ጥግ የሚባል ነገር ይቀራል። አቶ ዳኘው መልቀቂያቸውን ራሳቸው ለራሳቸው መልሰው ወደ ጸሐፊነታቸው ተመለሱ። «ሰዓሊውም» አሉ ጋሽ ስምዖን ሲነሱ፣ «እርማቱን በደንብ ከሠራ ስሙን ይጽፋል። ቃል ተገብቶለታል።»

ፊልጶስ ይህን ሲሰማ ዓይኑ እንባ አቀረረ። ያችን ባዶ ሰማይ፣ በሕይወቱ ከሠራው ሁሉ የሚወዳትን ሰማይ፣ በገዛ እጁ ሰው ሞላባት። ሁለት ወር ፈጀበት። ሃያ ስድስት ሰው የወርቅ ዛጎሉ ላይ ትከሻ ለትከሻ ተቃቅፎ ተሣለ፤ ማንም ከማንም በፀጉር ያህል እንዳይበልጥ የዊጎቹን ጫፍ በሌዘር ለካ። ለሕፃናቱ ቦታ ስለጠፋ ከነቁምጣቸው የሰው ትከሻ ላይ ወጡ። ነገሩን ሳያውቅ ሥዕሉን ያየ ሰው፣ ወደ ሰማይ የሚሄድ አንድ ሻትል ብቻ ቀርቶ ሁሉም እሱኑ የተሳፈረ ይመስለዋል። አራቱ ጥጎች ግን ባዶ፣ ንጹሕ ሰማያዊ ሆነው ቀሩ። ፊልጶስ በመስኮቱ በኩል ያለችውን መረጠ፤ የጠዋት ፀሐይ መጀመሪያ የምታርፈው እሷ ላይ ነው። ፊደሉን በእርሳስ ወረቀት ላይ አርባ ጊዜ ተለማመደው።

የማጽደቂያው ጉባኤ ተጠራ። አባላቱ ቀና አሉ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ሁሉም ፈገግ አለ። አቶ ዳኘው ዊጋቸውን ረጅም ጊዜ አዩት። ወይዘሮ ሸዋነሽ እልል አሉ። ከዚያ ጋሽ ስምዖን እጃቸውን አነሱ።

«እንግዲህ የቀረው የሰዓሊው ስም ነው። አራት ጥግ አለ። ልጄ ፊልጶስ፣ የትኛው ይሁንልህ?»

ሃያ ስድስት ሰው ዞሮ አየው። እንዲህ ባለ አክብሮት ማንም አይቶት አያውቅም። ወርቃማዋ ብሩሽ በእጁ ናት፣ ጥጓ ከራሱ በላይ ናት። «በመስኮቱ በኩል ያለችው» ለማለት አፉን ከፈተ። እናቱ በሥርዓት ያሳደገችው ምላሱ ግን ቀደመው።

«ኧረ ምን ስም ያስፈልጋል» አለ። «እናንተ ደስ ካላችሁ ለእኔ እሱ ይበቃኛል። ባይጻፍም ግድ የለም።»

ብሎ አንገቱን ደፋ፤ መለመኑንም ጠበቀ። በእሱ ስሌት መጀመሪያ ጋሽ ስምዖን «ተው ልጄ» ይላሉ፣ ቀጥሎ ወይዘሮ ሸዋነሽ «ሞቼ ነው ቆሜ» ይላሉ፣ በሦስተኛው ቤቱ ሁሉ ይንጫጫል፤ ያን ጊዜ «እንግዲህ ካላችሁ» ብሎ መሰላሉን ይወጣል።

«እንዲህ ነው እንጂ ሰው!» አሉ አቶ ዳኘው፤ ብዕራቸውን አወጡ። «ይመዝገብ። ሰዓሊው በገዛ ፈቃዱ።»

«ማለቴ...» አለ ፊልጶስ።

«አይ የኔ ጌታ» አሉት ወይዘሮ ሸዋነሽ፣ ክንዱን በእናትነት እየዳበሱ። «ስንት ወር አስቸገርንህ። ከእንግዲህ ያልከውን እንሰማለን፤ እኛም ተምረናል።» ከዚያ ወደ ሽማግሌዎቹ ዞሩ። «ጥጎቹ ባዷቸውን ከሚቀሩ የአስታራቂዎቻችን ስም ይጻፍባቸው።»

«ኧረ በጭራሽ!» አሉ ጋሽ ስምዖን። «እኛ ምን ሠራን?»

«ሞቼ ነው ቆሜ!» አሉ ወይዘሮ ሸዋነሽ።

«አይሆንም ብያለሁ።»

«እኔን ይቅበሩኝ!» አሉ አቶ ዳኘው፤ እግራቸው ላይ ሊወድቁ ሲሉ ተያዙ። ቤቱ ሁሉ ተንጫጫ፤ የሦስቱም ሽማግሌዎች ክንድ ተጎተተ።

«እንግዲህ ካላችሁ» አሉ ጋሽ ስምዖን።

ሦስቱ ጥግ ለሦስቱ ሽማግሌዎች ሆነ። አራተኛው፣ በመስኮቱ በኩል ያለው፣ ለፎርም ዝግጅት ለሐምራዊት ተሰጠ፤ እሷ አንዴም ሳትለመን «ሹር» አለች። ፊልጶስ መሰላሉን ወጥቶ አራቱንም ስም በወርቅ ጻፈ። ፊደሉ አርባ ጊዜ የተለማመደው ስለነበር በጣም አማረ።

በምረቃው ቀን ሳሎኑ ከሦስት ካውንቲ በመጣ እንግዳ ጢም ብሎ ሞላ። ፀሐይነሽ ከሥራ ፈቃድ ወስዳ፣ ለብሳና አጊጣ፣ ስልኳን ለፎቶ አዘጋጅታ ከፊልጶስ ጎን ተቀምጣለች። የማጽደቂያውን ጉባኤ ነገር ሊነግራት ስድስት ጊዜ ጀምሮ ስድስቴም ትቶታል። እሷ ኮርኒሱን ከጥግ እስከ ጥግ ስትፈልግ፣ አቶ ዳኘው ማይክራፎን ይዘው ሊቀ መንበሯን አመሰገኑ፤ ሽማግሌዎቹን አመሰገኑ፤ ስካፎልዱን ያከራየውን ሰው ከነአባቱ ስም አመሰገኑ።

«በመጨረሻም» አሉ፣ «ስሙ እንዳይጻፍ፣ ዛሬም በዚህ መድረክ እንዳይጠራ አጥብቆ የለመነን አንድ ትሑት ሰዓሊ አለ። ፈቃዱን አክብረን አንጠራውም።»

ጭብጨባው ቤቱን አናወጠው። እንግዳው ሁሉ ማን ይሆን እያለ ግራ ቀኙን አየ። ፊልጶስ ከወንበሩ ብድግ ሊል ሲል ወይዘሮ ሸዋነሽ ከመድረኩ ላይ አይዞህ፣ ተቀመጥ፣ አናጋልጥህም በሚል የእጅ ምልክት መለሱት። ተቀመጠ።

ፀሐይነሽ ስልኳን ቀስ ብላ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችና ዞራ አየችው።

«አጥብቀህ ለመንካቸው?»

«አንዴ ነው ያልኩት» አለ ፊልጶስ።